ስለ ጥንቱ የእስልምና ዓለም ሕክምና የሚያሳይ ጥሩ ፊልም የምታውቁ?

የከዚራው መምህር፣ ድሬዳዋ

ሰላም ለሁላችሁም። ድሬ ላይ ሁለተኛ ደረጃ ባዮሎጂ አስተምራለሁ። የጤና ክበባችን ቅዳሜ ከሰዓት፣ ፀሐዩ በረድ ሲል፣ አዳራሽ ተሰብስቦ ፊልም ያያል። መብራት ካልጠፋ ማለቴ ነው።

ባለፈው «ዘ ፊዚሽያን» የሚለውን አሳየኋቸው። እ.ኤ.አ. በ2013 የወጣ የጀርመን ፊልም ነው፤ ንግግሩ እንግሊዝኛ ነው። እናቱ በሆድ ሕመም የሞተችበት እንግሊዛዊ ልጅ ሕክምና ሊማር ፋርስ አገር ኢስፋሃን ድረስ ይሄድና የታላቁ ሐኪም የኢብን ሲና ተማሪ ይሆናል። እዚያ አገር ክርስቲያን አይገባም ስለተባለ ስሙን ለውጦ አይሁድ ነኝ ይላል። መጨረሻ ላይ ከኢብን ሲና ጋር ሆኖ የንጉሡን ትርፍ አንጀት በቀዶ ሕክምና ያወጣል።

ልጆቹ በጣም ወደዱት። ሲያልቅ ግን ጥያቄ ወረደብኝ። ክፍሌ ውስጥ ሙስሊሙና ክርስቲያኑ አንድ ዴስክ ላይ ነው የሚቀመጠው፤ የመጀመሪያው ጥያቄ «ቲቸር፣ እውነት ያኔ ክርስቲያን ሐኪም አይፈቀድም ነበር?» የሚል ሆነ። ሁለተኛው ደግሞ «ትርፍ አንጀት ያኔም ያወጡ ነበር?» የሚል ነው። አጣርቼ እነግራችኋለሁ ብያቸዋለሁ።

የሚያውቅ ሰው መልሱን ቢነግረኝ ደስ ይለኛል። በዚሁ ጉዳይ ሌላ የሚታይ ፊልም ካለም ጠቁሙኝ።

የሳቢያን ልጅ

ቲቸር አቦ፣ ደስ የሚል ክበብ ነው ያላችሁ። እኔ የሕክምና ሰው አይደለሁም፣ የፊልም ሰው ነኝ። የማውቃቸውን ልንገርህ።

ዓረብኛ የሚሰሙ ልጆች ካሉህ፣ ድሬ ላይ ደግሞ አይጠፉም፣ የዩሱፍ ሻሂንን «አል-መሲር» አሳያቸው። የግብፅ ፊልም ነው፣ 1997። ስለ ኢብን ሩሽድ ነው። ሰውየው የኸሊፋው ሐኪም ነበር፤ ስለ ሕክምናም ትልቅ መጽሐፍ ጽፏል። ፊልሙ ግን የሚያተኩረው በፍልስፍናውና በመጽሐፎቹ መቃጠል ላይ ነው። ዘፈን አለው፣ ጭፈራ አለው፣ አይሰለችም። ቀዶ ሕክምና ከፈለግህ ግን አታገኝበትም።

የኢብን ሲናን ልጅነት የሚያሳይ የሶቪየት ዘመን ፊልምም አለ። ኤልዮር ኢሽሙሐመዶቭ የሚባል የኡዝቤክ ዳይሬክተር በ1982 የሠራው ነው። ሰውየው ቡኻራ አጠገብ ነው የተወለደው፤ ፊልሙም የዚያው አገር ልጆች ሥራ ስለሆነ አቧራው፣ ግድግዳው፣ ልብሱ ያምራል። ሶቪየት የተማሩ ትልልቅ ሐኪሞችን ብትጠይቅ የሚያውቁት አይጠፉም።

ለልጆች አጭር ነገር ከፈለግህ ደግሞ ቤን ኪንግስሊ በ2010 የሠራው፣ ሩብ ሰዓት የማይሞላ «1001 ፈጠራዎች» የሚለው አለ። «ዘ ፊዚሽያን» ላይ ኢብን ሲናን የሆነው ሰውዬ እኮ ነው። እዚህኛው ላይ መሐንዲሱን አል-ጀዘሪን ሆኖ ነው የሚሠራው።

ሲስተር ከጀጎል

ቲቸር፣ ሐረር ነው የምኖረው። ኦፕራሲዮን ክፍል ስክራብ ነርስ ነኝ፤ መሣሪያ አዘጋጅቼ የማቀብል። ስለዚህ ያንን ፊልም ሳይ ዓይኔ የተዋናዮቹ ፊት ላይ አልነበረም። እጃቸው ላይና ትሪው ላይ ነበር።

መጀመሪያ የልጆቹ ጥያቄ። ክርስቲያን ሐኪም ይፈቀድ ነበር። ኸሊፋዎቹን ራሳቸውን የሚያክሙ ክርስቲያኖች ነበሩ! ቡኽቲሹ የሚባለው ቤተሰብ ከአባት ወደ ልጅ እየወረሰ የባግዳድ ኸሊፋዎችን ሲያክም ኖሯል፤ ክርስቲያኖች ናቸው። የጥንቱን የግሪክ ሐኪም የጋለንን መጻሕፍት ወደ ሶርያኛና ወደ ዓረብኛ የመለሰው ሁነይን ኢብን ኢስሃቅም ክርስቲያን ነው። እሱ የሞተው በ873 ነው፤ ኢብን ሲና የተወለደው በ980። የኢብን ሲና ወዳጅ የነበረው አቡ ሳህልም፣ አል-መሲሒ የሚባለው፣ ክርስቲያን ሐኪም ነው። ሁለቱ ከጋዝናው ገዢ ከማሕሙድ ሸሽተው በረሃ ሲያቋርጡ አቡ ሳህል በአሸዋ ማዕበል መንገድ ላይ ቀረ። እስቲ አስበው፤ ሙስሊምና ክርስቲያን ሐኪም አብረው ሲሰደዱ። ይህ በእጃቸው እያለ ስሙን የደበቀ ልጅ መፍጠር ለምን አስፈለገ? ልጆችህ ይህንን ቢሰሙ ደስ ይለኛል፤ አንድ ዴስክ ላይ ለሚቀመጡ ልጆች ትልቅ ነገር ነው።

ትርፍ አንጀት አያወጡም ነበር። ተሳክቶ የተመዘገበው የመጀመሪያው በ1735 ለንደን ውስጥ ክላውዲየስ አምያንድ የሚባል ሐኪም የሠራው ነው። ፊልሙ ሰባት መቶ ዓመት ቀድሞታል። ኢብን ሲናም መርዝ ጠጥቶ በሚቃጠል ቤተ መጻሕፍት ውስጥ አልሞተም። ከገዢው ጋር ዘመቻ ወጥቶ ሳለ የሆድ ቁርጠት በረታበት፤ ራሱን ቢያክምም አልዳነም፤ በ1037 ሐመዳን ላይ አረፈ። መቃብሩም እዚያው ነው።

የሚያንገበግበኝ ግን ሌላ ነው። ያልነበረውን ኦፕራሲዮን ሲያሳዩን የነበረውን ትተውታል።

ኢብን ሲና ገና በሕይወት እያለ ስፔን ውስጥ ኮርዶባ ላይ አል-ዘህራዊ የሚባል ሐኪም ነበር፤ የሞተው በ1013 ገደማ ነው። ሠላሳ ክፍል ያለው መጽሐፍ ጻፈ፤ የመጨረሻው ክፍል ስለ ቀዶ ሕክምና ነው። እዚያ ውስጥ ሁለት መቶ የሚያህሉ መሣሪያዎችን ሥሏል። የጥርስ መንቀያ፣ የቁስል መንጠቆ፣ የፊኛ ጠጠር ማውጫ፣ ማህፀን ውስጥ የሞተ ፅንስ መሳቢያ። የእያንዳንዱን ቅርጽና አሠራር ይነግርሃል። እኔ ሥዕሎቹን ሳይ ሌሊቱን ሁሉ ሳቀብላቸው ያደርኩትን ነገሮች ነው ያየሁት። መንጠቆው መንጠቆ ነው፤ መቆንጠጫው መቆንጠጫ ነው።

አንዱን ብቻ ልንገርህ። መግል የያዘ እባጭ የሚፈነዳበት ቢላ አለ። ስለቱ በሁለት ክዳን መሃል ተደብቆ ይቀመጣል። ሐኪሙ እባጩን የሚዳስስ መስሎ ያስጠጋውና ስለቱን ገፋ ያደርገዋል። በሽተኛው ቢላ ሳያይ ነገሩ ያልቃል። እኛም ሕፃን ሲመጣ መርፌውን መዳፋችን ውስጥ ደብቀን ነው የምንጠጋው። ከሺህ ዓመት በፊት የነበረ ሰው የበሽተኛውን ድንጋጤ አስቦ መሣሪያ ሠራ ማለት ነው። ይህን በፊልም ለማሳየት አሥር ሴኮንድ ይበቃል፤ ያሳየ ግን አላየሁም።

ሌላም ታሪክ ጽፏል። አንዲት ባሪያ ልጅ ቢላ አንስታ ጉሮሮዋን ትወጋለች። ጠርተውት ሲደርስ ታጓራለች። ቁስሉን ገልጦ ያያል፤ ደሙ ትንሽ ነው፤ ትላልቆቹ የደም ሥሮች አልተቆረጡም፤ ግን አየር በቁስሉ ይወጣል። ፈጥኖ ሰፋላት። ዳነች፤ ድምፅዋ ትንሽ ከመጎርነኑ በቀር ምንም አልሆነችም። ከዚያ ተነስቶ ምን አለ መሰላችሁ? መታፈን የመጣበትን በሽተኛ ለማዳን የአየር ቧንቧን መቅደድ አይገድልም ማለት ነው አለ። በአንዲት ልጅ ቁስል ያየውን ለሌላው በሽተኛ አሰበው።

ሆስፒታሉም አለ። ፊልሞቹ ነጭ ጢም ያለው አስተማሪ ግቢ ውስጥ ቆሞ ሲናገር ያሳያሉ። ማን ያበስላል፣ ማን ያጥባል፣ ወጪውን ማን ይሸፍናል፣ አይሉም። ካይሮ ላይ ሱልጣን ቀላውን በ1284 ያቆመው ሆስፒታል ለትኩሳት፣ ለዓይን፣ ለቀዶ ሕክምና፣ ለተቅማጥ የተለያየ ክፍል ነበረው። ሴቱም ወንዱም፣ ድሃውም ሀብታሙም ይታከም ነበር። ገንዘቡ የሚመጣው ከወቅፍ፣ ለበጎ ሥራ ለዘለቄታው ከተሰጠ ንብረት፣ ነው፤ ሐረር ላይ ወቅፍ ምን እንደሆነ ማስረዳት አያስፈልግም። የደም ዝውውር በሳንባ በኩል እንደሚያልፍ የጻፈው ኢብን አን-ነፊስ በ1288 ሲሞት ቤቱንና መጻሕፍቱን ለዚህ ሆስፒታል ነው የተወው።

አንድ ነገር ግን አደራ። ሁሉም ልክ ነበር ብለህ እንዳትነግራቸው። አል-ዘህራዊ ለራስ ምታት ሳይቀር ብረት አግሎ ይተኩስ ነበር። እኛ ጋ ዛሬም ሆዱ የተተኮሰ ሕፃን ይመጣል፤ ቤተሰቡ እዚያ ላይ ቀን ያጠፋና ሆስፒታል ሲደርስ ጊዜው አልፎ ይሆናል። ስለ ዋግምቱም ስለ መተኮሱም ልጆቹ ይጠይቁሃል። ያ በዘመኑ የሚያውቁት እሱን ስለነበር ነው፤ ዛሬ ሆዱን ያመመው ሰው ቀጥታ ሆስፒታል ይሂድ በልልኝ።

ገንደ ቆሬ

ሲስተር፣ እውቀትሽን አከብራለሁ፤ ግን አልስማማም። ፊልም ታሪክ መጽሐፍ አይደለም። ታናሽ እህቴ ይህንኑ ፊልም አይታ ነው ሕክምና ካልተማርኩ ያለችው፤ አሁን ትምህርቱ ላይ ነች። ያ እንግሊዛዊ ልጅ ሬሳውን ተደብቆ የሚከፍትበት ቦታ ላይ እንዴት እንዳለቀሰች አልረሳውም። ተይዞ ሞት ሲፈረድበት እኔም ልቤ ቆሞ ነበር። ያ ባይኖር ኖሮ ማን ያየዋል? አንቺ ያልሽው ሁሉ ዶክመንተሪ ይሆናል፤ ዶክመንተሪ ደግሞ ልጆቹን ያስተኛቸዋል።

ሲስተር ከጀጎል

ወንድሜ፣ እህትህን አላህ ያሳካላት። ፊልሙን አታሳዩ አላልኩም። እኔ የምለው እውነተኛው ከፈጠራው የበለጠ ልብ ይሰቅላል ነው።

የሬሳውን ነገር አነሳህ። እሺ። በ1200 እና በ1201 ግብፅ ላይ ዓባይ ሳይሞላ ቀርቶ ከባድ ረሃብ ሆነ። ሰው እንደ ቅጠል ረገፈ። አብዱል ለጢፍ አል-ባግዳዲ የሚባል ሐኪም እዚያ ነበር። ካይሮ አጠገብ አል-መቅስ የሚባል ቦታ አጽም ተከምሯል ሲሉት ከሰዎች ጋር ሄደ። የታችኛውን መንጋጋ ያነሳል። ጋለን ሁለት አጥንት ነው ብሎ ጽፏል፤ ለሺህ ዓመት የተማረ ሁሉ ያንን ሲደግም ኖሯል። ሰውየው ያየው አንድ ነው። መጋጠሚያ የለውም። ሌላ አነሳ፣ ያው ነው። ከሁለት ሺህ በላይ አዩ። ከዚያ በዓይን የታየው ከጋለን ይበልጣል ብሎ ጻፈ።

ረሃብ ባለበት፣ አጽም መሃል ቆሞ፣ ያደገበትን መጽሐፍ የሚጥስ ሰው። የሞት ፍርድ የለበትም፣ ሯጭ የለበትም። ግን ይህ ያስተኛል?

ኢብን አን-ነፊስ ደግሞ ሬሳ ከመክፈት ሸሪዓውም የራሱ ርኅራኄም እንደከለከሉት ጽፏል። አልከፈተም ብንል እንኳ የደሙን መንገድ አስቦ ደርሶበታል። የሚያሳድደው ሰው አልነበረም፤ ጭንቁ በሕሊናው ነው። ጥሩ ተዋናይ ያንን አይችልም?

የሳቢያን ልጅ

ገንደ ቆሬ፣ እኔ ሲስተርን ነው የምደግፈው። የአጽሙ ታሪክ አቦ ፊልም ነው፣ ምንም አይጨመርበት።

የከዚራው መምህር፣ ድሬዳዋ

ሁላችሁንም ከልብ አመሰግናለሁ። እንዲህ ላደርግ ነው። መጀመሪያ አጭሯን የቤን ኪንግስሊን አሳያቸዋለሁ። ከዚያ ከ«ዘ ፊዚሽያን» የትርፍ አንጀቱን ቦታ ብቻ መልሼ ከፍቼ ሲስተር ያለችውን እነግራቸዋለሁ። ላብራቶሪ የአጽም ሞዴል አለን፤ የታችኛውን መንጋጋ ፈትቼ መጋጠሚያ ፈልጉ እላቸዋለሁ።

ሲስተር፣ አንድ ቅዳሜ ድሬ ብትወርጂልን? ከሥራ የወጡ መሣሪያዎች ካሉ ልጆቹ በእጃቸው ቢይዟቸው።

ሲስተር ከጀጎል

እመጣለሁ። ተረኛ ያልሆንኩበትን ቅዳሜ እነግርሃለሁ። መቆንጠጫ፣ መንጠቆና መርፌ መያዣ ለማስተማሪያ እንዲሰጡን አለቃዬን አስፈቅዳለሁ፤ በአውቶክሌቭ፣ ጀርም በሚገድለው የእንፋሎት ማሽን፣ አልፈው ነው የሚመጡት። ስለት ያለው ነገር አላመጣም። የስፌት ክር አመጣለሁ፤ አንተ ደግሞ የሙዝ ልጣጭ አዘጋጅ፣ መስፋት አሳያቸዋለሁ።

ከዚያ በፊት ግን አንድ ቀን ልጆቹን ይዘህ ሐረር ውጣ። ሸሪፍ ሙዚየም በእጅ የተጻፉ የድሮ መጻሕፍት አሉ። ፊልሙ ላይ ቤተ መጻሕፍቱ ሲቃጠል ምን እንደሚቃጠል አይተው ይምጡ። አንድ መጽሐፍ ለመገልበጥ ስንት ሰው ስንት ጊዜ እንደሚቀመጥ አስጎብኚውን ይጠይቁት።