የጭቃው ራስ አንገቱ ላይ እየተሰነጠቀ አስቸገረኝ

ሳቢያን፦ ሰላም ለቤቱ። በኋላ በጀሶ የሚገለበጥ፣ የሰው ራስ የሚያክል ቅርፅ በሸክላ ጭቃ እየሠራሁ ነው። መሃሉ ላይ የውሃ ቧንቧ አቁሜያለሁ። የድሬን ሙቀት ታውቁታላችሁ፤ አንገቱ ከሰዓት ይሰነጠቃል፣ የማጅራቱ ጭቃ ደግሞ ወደ ታች ይንሸራተታል። ፊቱም ከፎቶ የተቀዳ መሰለብኝ። የሐረር ቤቶች መንፈስ እንዲኖረው ከየት ልጀምር?

ገል፦ በሙቀቱ ብቻ አታሳብ። ጭቃ ሲደርቅ ከ5 እስከ 10 በመቶ ይኮማተራል፣ ብረት ግን ንቅንቅ አይልም፤ ስለዚህ በቀጭኑ ቦታ፣ አንገቱ ላይ ይቀደዳል። ቧንቧውን ጋዜጣ ጠቅልልበት። ለሚንሸራተተው ሁለት አጭር እንጨት በመስቀል አስረህ ራሱ ውስጥ በሽቦ አንጠልጥል፣ ጭቃውን ደግፎ ይይዘዋል። ስንጥቁን በርጥብ ጭቃ አትለስነው፤ አዲሱ ከነባሩ የበለጠ ስለሚኮማተር እዚያው ይከፈታል። አስፋው፣ ጫረው፣ አርጥበው፣ ከዚያ እኩል እርጥበት ያለው ጭቃ ጠቅጥቅበት። ማታ እርጥብ ጨርቅ፣ ከላዩ ላስቲክ። ጨርቁ አፍንጫውን እንዳይነካ ግን ግንባሩና አገጩ ላይ ስንጥር ሰካ፣ አለዚያ ጠዋት አፍንጫ የለህም።
(በእሳት ልተኩሰው ካልክ ሌላ ጨዋታ ነው፤ ቧንቧው ይወጣል፣ ውስጡ 2 ሳንቲ ሜትር ውፍረት እስኪቀረው ይቦረቦራል፣ ጭቃው ላይም የተፈጨ ገል ይጨመራል። ውስጡ ሳይደርቅ እሳት ከገባ እንፋሎቱ ያፈነዳዋል።)

ከዚራ፦ ጀሶውን 1 ሊትር ውሃ ላይ 1.5 ኪሎ ገደማ በእጅህ እየበተንክ ጨምር፤ ውሃውን ጀሶው ላይ ካፈሰስክ ይጓጉላል። ሁለት ደቂቃ ይጠጣ፣ ከዚያ ከሥሩ ቀስ ብለህ አማስል፣ አረፋ እንዳይዝ። የቀኑ ውሃ ለብ ያለ ስለሆነ ቶሎ ይጠጥራል፤ ጥቂት ጥቂት በጥብጥ። ጭቃው ላይ በምትደርበው የመጀመሪያ ስስ ሽፋን ቀለም ጣል አድርግበት፤ በኋላ ፎርማውን (ጭቃው ላይ የጠጠረውን የጀሶ ቅርፊት) በመሮ ስትሰብር ቀለሙ ብቅ ሲል ውስጡ የተገለበጠው ቅርፅ ቅርብ መሆኑን ታውቃለህ። ተከፍቶ የከረመ የጀሶ ከረጢት እርጥበት ስቦ ይበላሻል፤ በብርጭቆ ሞክረው፣ በግማሽ ሰዓት ካልጠጠረ ተወው።

ጀጎል፦ ስለ ሁለተኛው ጥያቄ፦ ጌጡን አትቅዳ። የሐረር ቤት ውበቱ ግድግዳው ውስጥ የተቦረቦሩት መደርደሪያዎችና የነደባዎቹ (ከፍ ዝቅ ያሉት የመቀመጫ መደቦች) ደረጃ ናቸው፤ ጠርዝ እና ጥላ ማለት ነው። የዓይኑን ጉድጓድ እንደዚያ መደርደሪያ ጠርዙን ጥርት፣ ውስጡን ጥልቅ አድርገው። አዲስ አበባ ስትወጣ ሁለቱን የአንበሳ ሐውልቶች አስተያይ፤ ለገሃር ያለው የቀራፂው ጆርጅ ጋርዴ (በ1930 እ.ኤ.አ. የቆመው) ጡንቻውን ያሳይሃል፣ ብሔራዊ ቴአትር ያለው የሞሪስ ካልካ ደግሞ ጎፈሩን በትልልቅ ጠፍጣፋ ገጾች ይጨርሰዋል። አንተ የምትፈልገው ሁለተኛውን ይመስለኛል። ስትሠራ ደግሞ ብርሃኑ ከጎን ይምጣ፤ በቀትር ፀሐይ ቅንድቡ ዓይኑን ስለሚያጠቁርብህ ጥልቀቱን ትሳሳታለህ።