ዘመን እየዞረ የሚመለስበት ዓለም፦ ሁሉም ከተደገመ ልጅቷ ለምን ትደክማለች?

የጦሳ ልጅ (ደሴ)

ሰላም ጀማው። ልብ ወለድ እየጻፍኩ ነው፣ የዓለሙ ስም ነጎድ ይባላል። እዚያ ጊዜ ወደፊት አይሄድም፣ ይዞራል። ሰማዩ ላይ ቀይ ኮከብና ጨረቃ አሉ። ኮከቡ ዞሮ ቦታው ለመድረስ 7 ዓመት ይፈጅበታል፣ ጨረቃዋ 12። ስለዚህ በ84 ዓመት አንዴ ይገናኛሉ፣ ያን ሌሊት ሰዎቹ ገጠሞሽ ይሉታል። ቆጣሪ የሚባሉ ሽማግሌዎች አሉ። የእነሱ ትምህርት በገጠሞሽ ዘመን ይታጠፍና ሁሉም ከመጀመሪያው ይጀምራል የሚል ነው። ያው ሰው፣ ያው ንግግር፣ ያው ሞት።

ዋናዋ ልጅ በገጠሞሽ ዋዜማ የጠፋ ወንድሟን ፍለጋ ትወጣለች። ረቂቁን ያነበበችልኝ እህቴ «ሁሉም የተደገመ ከሆነ ምን አደከማት?» አለችኝ። መልስ አጣሁ። ዙሩን ሳላፈርስ የልጅቷ ድካም ዋጋ እንዲኖረው ምን ላድርግ?

ሐይቅ ዳር

ልጄ በርታ፣ ሐሳቡ ጥሩ ነው። የያዘህ ቁጥርህ ከመጠን በላይ ልክ መምጣቱ ነው። እኔ በልጅነቴ ባሕረ ሐሳብ፣ የቤተ ክርስቲያኑን የዘመን ቀመር፣ ተምሬያለሁ። የፀሐይ ዓመት 365 ቀን፣ የጨረቃ 354፣ ትርፉ 11። ይህ ትርፍ አበቅቴ ይባላል። በየዓመቱ 11 ይጨመርበታል፣ ከ30 ሲያልፍ 30 ይነሳለታል። በ19 ዓመት ወደ መነሻው ይመለሳል፣ ንዑስ ቀመር የሚሉት ይህን ነው።

አሁን ወረቀት አውጣና አስላው። 11 በ19 ሲባዛ 209። 30 እያነሳህ ስትሄድ መጨረሻ ላይ 29 ይቀርሃል። 30 አልሞላም! አንዲት ቀን ጎደለች። ሊቃውንቱ በመጨረሻው ላይ በ11 ፈንታ 12 ጨምረው ነው የሚዘጉት። ገና ተማሪ ሆኜ ይህን ሳሰላ እንቅልፍ ነስቶኝ ነበር። ዙሩ በራሱ አይገጥምም፣ ሰው አንዲት ቀን አውጥቶ ያገጥመዋል።

ዐቢይ ቀመር ደግሞ 532 ዓመት ነው፣ 19 በ28። ያኔ ዕለቱም፣ ዓመቱ የሚጠራበት ወንጌላዊም፣ አበቅቴውም ወደ ቦታቸው ይመለሳሉ። የሚመለሰው ግን አቆጣጠሩ ነው፣ የሞተ ሰው አይነሳም።

እንግዲህ ጨረቃህን 12 ዓመት ከአንድ ቀን አድርጋት። እስከ ገጠሞሽ 7 ጊዜ ስለምትዞር 7 ቀን ትዘገያለች። ኮከቡ ደርሶ እሷ ያልመጣችባቸው፣ በየትኛውም ዙር ያልተቆጠሩ 7 ቀናት ይኖሩሃል። ልጅቷን እነሱ ውስጥ አስወጣት።

ባቲ ሰኞ

እኔ በዚህ አልስማማም። ቀዳዳ ካበጀህለት ዙር መሆኑ ቀረ። ሁሉም ይደገም፣ ምንም አትቀንስ። ልጅቷ እኮ ያለፈውን አታውቅም! ወንድሟን ታግኘው አታግኘው በምን ታውቃለች? ላታገኘው የምትችለውን ሰው ብላ መውጣቷ ራሱ ታሪክ ነው።

ብቻ ከዙር ወደ ዙር የሚሻገር አንድ ነገር ስጣት፣ ዜማ ይሁን። አምባሰል ሲቃኝ ግጥሙ ሳይጀመር ሆድህ ይባባ የለ? ቅኝቱ አምስት ድምፅ ነው፤ አምስቱን ጨርሰህ መጀመሪያው ላይ ስትመለስ ያው ድምፅ ነው፣ ግን ከፍ ብሏል። ወንድሟ ሲያንጎራጉረው የነበረውን በማታውቀው መንደር፣ ውሃ ከሚቀዱ ሴቶች አፍ ትስማው። የት እንደሰማችው ሳታውቅ ቀጣዩን ስንኝ እሷ ትጨርሰው።

ወረኢሉዬ

አብሽር ወንድሜ፣ ሁለቱም ያሉህ ደስ ይላል፣ እኔ ግን ለእህትህ ጥያቄ መልሱን ደጋው ላይ ነው የማየው። የካቲት በየዓመቱ ይመጣል። የበልጉ ዝናብ ግን ይመጣል አይመጣም፣ ማንም አያውቅም። ስንት ጊዜ ቀርቶብናል። ገበሬው ግን ለበልግ ገብሱ ያርሳል፣ ዘሩን ይዞ ሰማይ ያያል። አምና ቀረ ብሎ በሬ የሚፈታ የለም።

ሌላም አለ። ወሎ ውስጥ አንድ ቤት ሁለት አቆጣጠር አለው። መውሊድ በጨረቃ ስለሚሄድ በየዓመቱ 11 ቀን ገደማ ወደኋላ ይላል፣ በ33 ዓመት ግድም ዞሮ ወደዚያው ወቅት ይመለሳል። በ2016 ከደመራ ጋር ተገናኝቶ ነበር። አሁን ተራርቀዋል፣ አንድ ቀን እንደገና ይገናኛሉ። ያን ጊዜ ማን ይኖራል፣ አላህ ያውቃል። ነጎድ ውስጥም ኮከቡን የሚቆጥሩና ጨረቃዋን የሚቆጥሩ ሰዎች አንድ መንደር ይኑሩ፣ ይጋቡም። ልጅቷ የሁለቱም ልጅ ትሁን።

የጦሳ ልጅ (ደሴ)

ጋሼ፣ አንቱ ያሉኝን ሁለቴ አሰላሁት፣ እውነትም 29! እግዜር ይስጥልኝ። 7ቱን ቀን እወስዳለሁ፣ ዜማውንም አልለቅም። ባቲ ሰኞ፣ እሷ እስክትወጣ ድረስ ዙሩ ዝግ መስሎ ይቆያል፣ ይህን ቃል እገባልሻለሁ። አንድ ነገር ብቻ ልጠይቅ፦ ቆጣሪዎቹ ስለ 7ቱ ቀን ያውቃሉ?

ሐይቅ ዳር

ያውቃሉ፣ ይደብቃሉም። 7 ቀን በአንድ ዙር ምንም አይደለም፣ ጾም ነው ብለው ያሳልፉታል። መዘግየቱ ግን ይከማቻል። ዓመታቸው 365 ቀን ከሆነ በ52 ዙር 364 ቀን ይሆናል፣ አንድ ዓመት ሊሞላ አንዲት ቀን ነው የሚቀረው። ይህ 4368 ዓመት ነው። ልጅቷ የምትወጣው በ52ኛው ላይ ይሁን። ወንድሟም የጠፋው የቆጣሪዎቹን መዝገብ ስላየ ይሁን።