ዶሮዬ ታነክሳለች፣ ምን ላድርግላት?

ሰላም ለሁላችሁ። ጓሮ ከማረባቸው አራት ዶሮዎች አንዷ ከትናንት ወዲያ ጀምሮ ታነክሳለች። አንድ እግሯን ሰብስባ ትቆማለች። መብላቱንስ ትበላለች። ተሰብራ ይሆን? የእንስሳት ሐኪም ቀጠሮ ቶሎ አላገኘሁም። የምታውቁ እርዱኝ።

*

አይዞሽ እህቴ። መጀመሪያ ውስጥ እግሯን ገልብጠሽ እዪው። ሲመሽ ቆጥ ላይ ከሰፈረች በኋላ ብትይዣት አትታገልሽም። መሃሉ ላይ ጥቁር ቅርፊት ካለና ዙሪያው አብጦ የሚሞቅ ከሆነ ስብራት አይደለም። በትንሽ ቁስል ባክቴሪያ ገብቶባት ነው። ብዙ ጊዜ ስታፊሎኮከስ የሚባለው ነው። ሰውንም ሊይዝ ስለሚችል ጓንት አድርጊ።

ገና ጅምር ከሆነ ለብ ባለ የጨው ውሃ ከ15 እስከ 20 ደቂቃ ዘፍዝፊው። አድርቀሽ ቁስል ማጽጃ ቀቢና በፋሻ ጠቅልዪው። ፋሻውን በየቀኑ ቀይሪ፣ ጣቶቿንም እንዳያንቃት። በምላጭ ቀዶ ማውጣት የሚያሳዩ ቪዲዮዎች አሉ። እባክሽ አትሞክሪው፣ በጣም ያማታል። እብጠቱ ካደገ ወይም መርገጥ ካቃታት ሐኪም ጋ ውሰጃት፣ ወደ ጅማትና አጥንት ሊዘልቅ ይችላል። ቤት የተረፈ አንቲባዮቲክም አትስጫት። መድኃኒቱ እንቁላሉ ውስጥ ይገባል። እንቁላሉ ስንት ቀን እንደማይበላ የሚነግርሽ ሐኪሙ ነው።

የእኔዋን ሦስት ጊዜ አከምኳት፣ ሦስቴም ተመለሰባት። ለካ ችግሩ ቆጡ ነበር! ከፍ ካለ ቆጥ በዘለለች ቁጥር እግሯ መሬቱን ይመታል። ወደ 50 ሴንቲሜትር ዝቅ አደረግኩት፣ እንጨቱንም ሰንጣቃ በሌለው፣ ጠርዙ በለሰለሰ ወርድ ያለው ጣውላ ቀየርኩት። ጉዝጓዙ ከኩስ ጋር እርጥብ ሆኖ ከሰነበተም ቆዳቸው ይላላና ቶሎ ይቆስላል። የወፈረች ዶሮ ደግሞ የበለጠ ትጎዳለች።

*

የእኔዎቹ ውስጥ እግራቸው ደህና ነው። ቅልጥማቸው ላይ ግን ቅርፊቱ ተነሳስቶ ነጭ ነገር ጋግሮበታል። ጋዝ ቀቢ ያሉኝ አሉ።

*

ኧረ ጋዝ ይቅር! ቆዳቸውን ያቃጥላል። ያ የእግር እከክ ነው። በዓይን የማይታይ ተባይ ቅርፊቱ ሥር ገብቶ የሚያመጣው ነው። እግራቸውን በሳሙና አጥበሽ ቫዝሊን ወፈር አድርገሽ ቀቢ፣ ተባዩ ታፍኖ ይሞታል። ለሳምንታት ደጋግሚው። ቅርፊቱን ግን አትላጪ። ከአንዷ ወደ ሌላዋ ስለሚጋባ ሁሉንም ቀቢ፣ ቆጡንም አጽጂ።

ጫጩት ላላችሁም አንድ ነገር ልጨምር። ጋዜጣ አታንጥፉላቸው። ያንሸራትታቸውና እግራቸው ወደ ጎን ተከፍቶ ሊቀር ይችላል። አንድ እግር ወደፊት፣ አንዱ ወደኋላ ተዘርግቶ የወደቀ ወጣት ዶሮ ካያችሁ ግን ማሬክስ የሚባለው የዶሮ ቫይረስ በሽታ ሊሆን ስለሚችል ለይታችሁ ሐኪም ጠይቁ። ማሬክስ መድኃኒት የለውም። ክትባቱ ገና እንደተፈለፈሉ የሚሰጥ ነው፣ ስትገዙ መከተባቸውን ጠይቁ።

*

እግዜር ይስጥልኝ። ማታ አየኋት፣ ግራ እግሯ ሥር የምስር ፍሬ የምታክል ጥቁር ቅርፊት አለች። እብጠቱ ትንሽ ነው። ዘፍዝፌ ጠቅልዬላታለሁ። ቆጡን ስለካው 1 ሜትር ከ20 ሆነ። ነገ ጠዋት አወርደዋለሁ።