ክርክር፦ የጦርነት ሙታን ዳታቤዝ የታሪክ ተማሪን ያስተምራል ወይስ ያሳስታል?

ጠያቂው መምህር፦ ታሪክ አስተምራለሁ። ተማሪዎቼ የኮመንዌልዝ የጦር መቃብሮች ኮሚሽንን፣ ማለትም የብሪታንያንና የግዛቶቿን የጦር ሙታን መቃብርና መታሰቢያ የሚጠብቀውን ድርጅት፣ ዳታቤዝ ራሳቸው ከፍተው እንዲመረምሩ እፈልጋለሁ። በሁለቱ የዓለም ጦርነቶች የሞቱ 1.7 ሚሊዮን ያህል ሰዎች እዚያ አሉ። ባልደረቦቼ ግን አልተስማሙም። ምን ትላላችሁ?

ተቃዋሚ፦ እኔም ከእነሱ ጋር ነኝ፣ መምህር። እ.ኤ.አ. ጁላይ 1 ቀን 1916 ፈረንሳይ ውስጥ በተደረገው የሶም ውጊያ በአንድ ቀን ብቻ 19,240 የብሪታንያ ወታደሮች ሞቱ። ተማሪው ይህን ቆጥሮ ግራፍ ቢሠራ ምን ገባው? ጦርነቱ ለምን እንደተነሳ መዝገቡ አይነግረውም። ሙታንን የሒሳብ መልመጃ ማድረግም ይከብደኛል።

ደጋፊ፦ ወንድሜ፣ ቁጥር ብቻ ያለው እኮ መማሪያ መጽሐፉ ላይ ነው! አንዱን መዝገብ ክፈትና እይ። ስም፣ ማዕረግ፣ ክፍለ ጦር፣ የሞተበት ቀን። አንዳንዱ ላይ ዕድሜና የእናት የአባት ስም ጭምር አለ።

የመዛግብት ባለሙያ፦ አንዳንዱ ላይ ብቻ የሆነበት ምክንያት አለው። በአንደኛው የዓለም ጦርነት ሟቾች መዝገብ ላይ የወላጆች ስም በአብዛኛው የተገኘው ለቤተሰብ ከተላከ ቅጽ ነው። ቅጹ ካልተመለሰ ቦታው ባዶ ይቀራል። ዕድሜም ብዙ ጊዜ እንደዚያው ነው። ስለዚህ ተማሪው አማካይ ዕድሜ አወጣሁ ሲል፣ ያወጣው ዕድሜያቸው የተመዘገበላቸውን ብቻ ነው። ቅጹን ማን መለሰ? ማንስ አድራሻው ሳይገኝ ቀረ? ለእኔ ትልቁ ትምህርት ይሄ ነው።

ተቃዋሚ፦ ታዲያ ይሄ የኔን ሐሳብ አይደል የሚያጠናክረው? ጎዶሎ ማስረጃ ለጀማሪ ይሰጣል?

የመዛግብት ባለሙያ፦ ጎዶሎነቱን እንዲያይ ነዋ የሚሰጠው። ኮሚሽኑ ራሱ እ.ኤ.አ. በ2021 ባወጣው ሪፖርት፣ በአንደኛው የዓለም ጦርነት ከሞቱት ቢያንስ 116,000፣ ምናልባትም እስከ 350,000 ሰዎች በስማቸው ወይም ጭራሹኑ እንዳልታወሱ አምኗል። አብዛኞቹ የምሥራቅ አፍሪካና የግብፅ ሰዎች ናቸው። ለጦሩ ምግብና ጥይት ተሸክመው በበሽታና በድካም ያለቁ ተሸካሚዎች አሉበት። ተማሪው ፈልጎ ሲያጣቸው፣ መዝገቡን የጻፈው ማን እንደነበር መጠየቁ አይቀርም።

ተቃዋሚ፦ እሺ፣ ይሄኛውን እቀበላለሁ። ግን መምህር፣ ግራፉን ከፈተና ያውጡት። ውጤት የሚሰጡትም ተማሪው ስለ ባዶው ቦታ በጻፈው ላይ ይሁን።

ጠያቂው መምህር፦ ይሁን። የጦርነቱን መነሻ አስቀድሜ አስተምራለሁ። ከዚያ እያንዳንዱ ተማሪ ዕድሜው ያልተጻፈ አንድ ወታደር ይመርጣል።