የደሴን ጠዋት ፊት ሳላሳይ መቅረጽ እችላለሁ?

የሸዋ በር ልጅ፦
ሰላም ለሁላችሁ። ስለ ደሴ አጭር ዘጋቢ ፊልም በስልኬ እየቀረጽኩ ነው። መጀመሪያ ጦሳ ተራራ ላይ ወጥቼ ከተማዋን ከላይ አነሳኋት። አይጠየፍ አዳራሽንም ቀረጽኩ። ያምራል፤ ግን ፖስት ካርድ ሆነብኝ። ሰው የለበትም።

ከዚያ አንድ ማለዳ ከእናቴ ጋር ጎረቤታችን እማማ ቤት ገባን። ጉሙ ገና ከደጃፉ አልተነሳም። ቡናው ምጣዱ ላይ ይንጣጣል። እማማ በቀኝ እጃቸው እያገላበጡ በግራቸው ጭሱን ወደ እኛ ይገፉታል። አቦሉ ሊቀዳ ሲል ዱዓ አደረጉ። እሳቸው «አሚን» ሲሉ እናቴ «አሜን» አለች፤ እኩል ነው የወጣው። ደሴ ለኔ ይቺ ናት። ግን እማማ «እጄን አንሺ፤ ፊቴን ግን ተዪው የኔ ልጅ» አሉኝ። በእጅ ብቻ ሰውን ማሳየት ይቻላል? እባካችሁ የሞከራችሁ ንገሩኝ።

ካሜራ ያዥ፦
ይቻላል እህቴ። ቆመሽ አትቅረጪ፤ ስልኩን እስከ ረከቦቱ ቁመት አውርጂው። መስኮቱ ከጭሱ ጀርባ ይሁን። ብርሃን ከኋላው ካልመጣ ጭስ ጎልቶ አይታይም። ስኒ ሲያለቀልቁም አትለፊያቸው፤ ጣታቸውን ጠብቂ።

ድምፅ ቀጂ፦
እኔን የያዘኝ «አሚን» እና «አሜን» ነው። በምንም ተአምር ሙዚቃ እንዳትደርቢበት! ሁለተኛ ስልክ ተዋሽና ጀበናው አጠገብ፣ የታጠፈ ጨርቅ ላይ አስቀምጪው። ማንም ሳያወራ የክፍሉን ድምፅ 1 ደቂቃ ቅጂ፤ ስታቀናብሪ ክፍተት መሙያ ይሆንሻል። ንጋት ላይ ደግሞ አዛኑንና የመድኃኔዓለምን ደወል ያዢ።

አባ መላ፦
ልጄ፣ አይጠየፍን አታውጪው። ንጉሥ ሚካኤል ግብር ያበሉበት አዳራሽ ነው። ስሙም ማንንም አይጠየፍም ማለት ነው። ባዶውን አዳራሽ አሳይተሽ ወዲያው ወደ እማማ ቡና ግቢ፤ ተመልካች ይገባዋል። የከተማዋን ስም አፄ ዮሐንስ ጅራታም ኮከብ አይተው ተደስተው አወጡት ይባላል። እሱ ለሌላ ፊልም ይቆይሽ።

የሸዋ በር ልጅ፦
እድሜ ይስጥልኝ አባቴ፤ ሁላችሁንም አመሰግናለሁ። ዛሬ ሄጄ እማማን ድምፁን ብቻ በጆሮ ማዳመጫ አሰማኋቸው። ዓይናቸውን ጨፍነው ሰሙ። ምጣዱ ጋ ሲደርስ ብድግ አሉ፦ «ይሄማ አርሯል! አጥፊው፤ ነገ በጠዋት ነይ፣ ሌላ እንቆላለን።»