ሁሉን የሚያሳይ ድንጋይ ታሪኬን ገደለብኝ፤ ኃይሉን እንዴት ልገድበው?

ጥያቄ (ጀማሪ ደራሲ፣ ጅማ)

ጤና ይስጥልኝ። በምናብ በፈጠርኩት ዓለም ውስጥ የሚካሄድ ልብ ወለድ እየጻፍኩ ነው። ንጉሡ በኮረብታ አናት ካለው ቤተ መንግሥቱ ሳይወጣ በሩቅ ያለውን የሚያይበት፣ «አሻግሬ» የሚባል ጭብጥ የሚያህል ክሪስታል አለው፤ የግቢውን አቀማመጥ የወሰድኩት እዚሁ ጅሬን ከሚገኘው ከአባ ጅፋር ቤተ መንግሥት ነው። ችግሬ ይህ ነው፦ ድንጋዩ ሁሉን ካሳየ ሰላይ መላክ ትርጉም ያጣል፣ መልእክተኛ በመንገድ ቢቀር የሚጨነቅ አይኖርም፣ ጠላትም ድንገት ሊደርስ አይችልም። «በዚያ ቀን ድንጋዩ አልሠራም» ብሎ ማለፍ ደግሞ አንባቢን መናቅ ይመስለኛል። ገደቡ ከራሱ ከድንጋዩ ባሕርይ የሚመነጭበት መንገድ ካለ ብትጠቁሙኝ፤ አገሩ እንደኛው ደን፣ ዝናብና ጉም የበዛበት መሆኑንም ታሳቢ አድርጉልኝ።

መልስ (የፊዚክስ መምህር)

በመጀመሪያ መወሰን ያለብዎት ድንጋዩ የሚያየው በብርሃን ነው ወይስ ያለ ብርሃን የሚለውን ነው። በብርሃን ነው ካሉ ግማሹ ሥራ ተጠናቀቀ፤ ሌሊት አያይም፣ ጉም ይጋርደዋል፣ ከተራራ ጀርባም አይደርስም። በዙሪያው ካለው ሜዳ 100 ሜትር ከፍ ብሎ የቆመ ሰው አድማሱ 36 ኪሎ ሜትር ገደማ ላይ ያበቃል፤ ያንን ርቀት እጥፍ ለማድረግ ከፍታው አራት እጥፍ፣ ማለትም 400 ሜትር መሆን አለበት። ስለዚህ ንጉሡ ከተራራው ማዶ ያለውን ማየት ከፈለገ በጫፉ ላይ ሁለተኛ ድንጋይ ማስቀመጥና ማስጠበቅ ይኖርበታል፤ የቴሌኮም ማማዎች ኮረብታ እየመረጡ የሚተከሉትም በዚሁ ምክንያት ነው። ጠላት ቤተ መንግሥቱን መክበብ ሳያስፈልገው ጫፉ ላይ ያሉትን ሁለት ዘበኞች ብቻ ማሸነፍ ይበቃዋል።

ድንጋዮቹ እርስ በርስ እንዴት ይግባባሉ ለሚለው ደግሞ ኳርትዝ የሚባለውን የክሪስታል ድንጋይ ይመልከቱ። ዣክና ፒየር ኩሪ የተባሉት ወንድማማቾች በ1880 እንዳሳዩት፣ ኳርትዝ ሲጫኑት በገጹ ላይ የኤሌክትሪክ ሙል ይፈጠራል፤ ኤሌክትሪክ ሲሰጡት ደግሞ ይርገበገባል። በእጅ ሰዓት ውስጥ ያለችው ቅንጣት በሰከንድ 32,768 ጊዜ የምትርገበገበው በተቆረጠችበት ቅርጽና መጠን ምክንያት ነው። እንግዲህ የእርስዎም ድንጋዮች የሚግባቡት ርግብግቢታቸው አንድ ሲሆን ብቻ ነው እንበል። ጠርዙ የተሸረፈ ድንጋይ ከጥንዱ ይለያያል፤ ልኩን የሰረቀ አንጥረኛ ግን ሦስተኛ ድንጋይ ቆርጦ ንጉሡ የሚያየውን ሁሉ አብሮት ሊያይ ይችላል። እኔ ብሆን ታሪኩን የምጀምረው ከዚህ አንጥረኛ ነበር።

መልስ (የከበረ ድንጋይ ነጋዴ)

መምህሩ ያሉት ጥሩ ነው፤ ነገር ግን ኳርትዝ ብዙ ጸባይ የለውም። ጸባይ ያለው ድንጋይ ከፈለጉ ከ2008 ወዲህ በዓለም ገበያ ስሙ የገነነውን የወሎ ደላንታ ኦፓል ያስቡ። ይህ ድንጋይ ውኃ ይጠጣል። ደረቁን በእርጥብ ጣት ሲነኩት ጣትዎ ላይ ልጥፍ ይላል፤ ውኃ ውስጥ ሲያስቀምጡት ቀስ በቀስ እንደ መስታወት ጥርት ይልና ብዙውን ጊዜ ያ የእሳት ቀለሙ ይጠፋል፤ ሲደርቅ ተመልሶ ይመጣል። ውኃ ሲጠጣ ክብደቱም ስለሚጨምር፣ አስተዋይ ገዢ እርጥቡን አይመዝንም።

አሻግሬም ውኃ ጠጥቶ ጥርት ሲል ብቻ የሚያይ ይሁን። ያኔ ንጉሡ «አሁን አሳየኝ» ማለት አይችልም፤ ጠልቆ እስኪጠጣ ሰዓታት ይፈጃልና ማየት የሚፈልገውን ቀድሞ ማሰብ አለበት። የሚጠጣው ነገርም ይበክለዋል፤ ቀለም ያለው ፈሳሽ ወይም ዘይት ከነካው መልኩ ይለወጣል። በእኛ አገር ቡና በሦስት ዙር በሚጠጣበት ቤት ድንጋዩን ረከቦት አጠገብ ያስቀመጠ አሽከር የአንድ መንግሥት ዓይን ሊያጠፋ ይችላል ማለት ነው።

መልስ (የታሪክ ተማሪ)

ሁለቱም ስለ ድንጋዩ ተናገሩ፤ ስለሚያየው ሰው ግን አልተነሣም። በ16ኛው መቶ ክፍለ ዘመን የእንግሊዟ ንግሥት ኤልሳቤጥ አማካሪ የነበረው ጆን ዲ በክሪስታል ራእይ ይፈልግ ነበር፤ የእርሱ ነው የሚባል ከኦብሲዲያን (ከእሳተ ገሞራ ከሚገኝ መስታወት መሰል ድንጋይ) የተሠራ ጥቁር መስታወትም ዛሬ በብሪቲሽ ሙዚየም ይገኛል። ድንጋዩ ከሜክሲኮ የመጣ መሆኑ በ2021 በወጣ ጥናት ተረጋግጧል። ለእርስዎ የሚጠቅመው ግን ይህ ነው፦ ዲ ራእዩን በአብዛኛው የሚያይለት ኤድዋርድ ኬሊ የሚባል ሌላ ሰው ነበር፤ ዲ የሚጽፈው ኬሊ አየሁ ያለውን ነው።

በአገራችንም ሌባ ሻይ በሚሠራበት ዘመን መድኃኒት የጠጣው ልጅ የወደቀበት ቤት ባለቤት ሌባ ይባል ነበር፤ ልጁን የሚመራው ሰው ምን እንደሚፈልግ የሚጠይቅ አልነበረም። የእርስዎም ንጉሥ ራሱ አይይ። ድንጋዩ ምስል እንጂ ድምፅ አይስጥ፣ ምስሉንም የሚተረጉም ባለሙያ ይኑር። ሁለት ሰዎች በዋርካ ሥር ተቀምጠው ሲነጋገሩ ይታያል፤ ሴራ ነው ወይስ ሽምግልና የሚለውን የሚወስነው ተርጓሚው ነው። ያኔ ሰላይ ከምንጊዜውም በላይ ያስፈልጋል።

ጠያቂዋ

ሁላችሁንም ከልብ አመሰግናለሁ። ውኃ የሚጠጣውን ድንጋይና ተርጓሚውን ወስጃለሁ፤ የተራራ ጫፉን ድንጋይ ለሁለተኛው መጽሐፍ አቆየዋለሁ። አንድ ነገር ብቻ ቀረኝ፦ ንጉሡ ድንጋዩን ዘወትር ውኃ ውስጥ ቢያኖረውስ? ሁልጊዜ ዝግጁ ሆነለት ማለት ነው።

መልስ (የከበረ ድንጋይ ነጋዴ)

ያኑረው፤ ነገር ግን አንድ ቀን መውጣቱ አይቀርም። ኦፓል ርጥበቱን በድንገት ሲያጣ ሊሰነጠቅ ይችላል፤ ስለዚህ ከእሳትና ከፀሐይ አርቀን በጥላ ነው የምናደርቀው። ጠላት ቤተ መንግሥቱን ሲያቃጥል ንጉሡ ድንጋዩን ከገንዳው አንሥቶ በበጋ ሐሩር ቢሸሽ፣ ድንበር ሳይሻገር እጁ ላይ ይሰነጠቅበታል። በእርጥብ ጨርቅ ጠቅልሎ መያዝ እንዳለበት የሚያውቀው ደግሞ ተርጓሚው ብቻ ይሁን።

መልስ (የፊዚክስ መምህር)

በዚህ እስማማለሁ። እኔ ያልኩት የብርሃን ሕግ ግን ከዚህ ጋር አብሮ ይሂድ፤ ሌሊትም የሚያይ ከሆነ ውኃው ብቻውን አይገድበውም።