የአያቴ ካሴት ተበጠሰብኝ፣ የሚቀጥልልኝ አጣሁ

ሰላም ወገን፣ ያለሁት ባህር ዳር ነው። አያቴ (ነፍሱን ይማርና) የዘጌ ሰው ነበር፣ በ1984 ዓ.ም. ዘራችንን እስከ ሰባት ቤት ቆጥሮ በካሴት አስቀድቶልናል። ባለ 60 ነው፣ አንድ ገፁ ብቻ 30 ደቂቃ ሙሉ ወሬ፤ ቅድመ አያቱ ከጎርጎራ በታንኳ መጥቶ ዘጌ እንደቀረ፣ እዛ ደግሞ በአቡነ በትረ ማርያም ግዝት በሬ ስለማይጠመድ እርፍ የለመደ እጁ ቡና ለቀማ ላይ እንዴት እንዳፈረ ምናምን። ልጅ ሆኜ ሰምቼዋለሁ ግን ስሞቹን ማን ልብ ብሎ።

አሁን እህቴ ልታገባ ነው፣ ልጁም ዘሩ ከዘጌ ስለሆነ ሽማግሌዎቹ ሰባት ቤት ይቆጠር አሉ። አያቴን (ሴቷን) ጠየቅኳት፣ አራት ድረስ ቆጥራ «ከዚህ በላይ እሱ ነበር የሚያውቀው» ብላ ዝም።

ከጎረቤት ቴፕ ተውሼ ከተትኩት፣ ሳል አደረገ፣ «እኔን የወለደኝ...» ሲል ቴፑ ክሩን ጎረሰው። በእስክርቢቶ አጠንጥኜ አወጣሁት፣ ሁለት ቦታ ተጨማዷል አንድ ቦታ ተበጥሷል፣ የተበጠሰው ጫፍ ደግሞ ወደ ውስጥ ገብቷል። ካሴቱ ብሎን የለውም፣ ዙሪያውን የተጣበቀ ነው፣ በቢላ ልፈልቅቀው ብዬ እጄ ተንቀጠቀጠ ተውኩት። ሁለት ጥገና ቤት ወሰድኩት፣ አንደኛው ጭራሽ ሳቀብኝ።

ባህር ዳር ውስጥ ካሴት ከፍቶ ክሩን ቀጥሎ ወደ ፍላሽ የሚገለብጥልኝ ሰው የት አገኛለሁ?